ተራ ቁጥር አርባ ሦስት

ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ የቅሬውን መዝገብ ያዝኩ፣
በቀብር ማግስት ቁጭ ብዬ የቀረውን ሰው ቆጠርኩ፤
በቀይ እስክርቢቶ ጭረት፣ በአምስት ብር ቅጣት፣
ሆጤን ከነጭጋጉ አውቀዋለሁ፣ በስም ዝርዝር፣ በሰዓት።

ተራ ቁጥር አርባ ሦስት፤ ይማም ሸጋው፣ ሰዓት ሠሪ፣
ፒያሳ፣ ደረጃው ሥር፣ ባንድ ሜትር ሱቅ ውሎ አዳሪ፤
ቅጣት ከፍሎ የማያውቅ፣ ዝናብ የማያግደው ከመሄድ።

አንድ ቀን ከአራዳ፣ ሸራ ላይ ከተዘረጋ፣
ሽፋኑ የተገነጠለ መጽሐፍ ገዛ በርካሽ ዋጋ፤
የአሜሪካኖች ሐሳብ ነው፤ ስለ መንግሥት ልክ፣ ስለ አንድ ሰው መብት፣
መግቢያው የለም፤ መደምደሚያው ግማሹ የአይጥ ራት።
የሰዓት ማጉያውን ከዓይኑ ሳያወርድ፣
ጥርስ በጥርስ ፈታው፣ እንደ ሰዓት ሆድ፤
መዝገበ ቃላት ከጎኑ፣ ዘይት ከጣቱ ሳይለቅ፣
ከመስከረም እስከ ግንቦት፣ ገጽ ሳይዘል፣ ሰው ሳይጠይቅ።

«ግለሰብ» የሚለውን ቃል እኔ የማውቀው ከፖሊስ ዜና ነው።
«አንድ ግለሰብ ተያዘ» ሲባል፤ ሌባ፣ ወይ ተከሳሽ፣
ስሙ ገና ያልተነገረ፣ ፊቱ ከካሜራ የሚሸሽ።
ይማም ግን እንደ ቴምር በምላሱ ላይ አዙሮ፣
«ግለ… ሰብ» አለኝ፣ ከሁለት ሰብሮ።
«ሰብ ማለት ሰው ነው። ግል ማለት ደግሞ የራስ።
የራሱ የሆነ ሰው፤ ሳይፈቅድ የማይነዳ፣ ሳይሞት የማይወረስ።»

በሰኔ ጉባኤ ተነሣ። ኮፍያውን አወለቀ።
«ከቅሬው ወጥቻለሁ» አለ፤ ቤቱ ባንድ አፍታ ደረቀ።
«ቀብር መሄድ አልጠላሁም፤ ክፋት የለም፣ ቂም የለኝ፣
አምስት ብሩን ፈርቼ ይሁን ወድጄ የምሄደው፣ መለየት ነው ያቃተኝ።»
ዳኛችን ጋሽ አራጋው ከዘራቸውን አዞሩ፣
«አብሽር ልጄ» አሉት፣ «ሞት ሲመጣ ግን ለብቻ ነው ወይ መቆፈሩ?»
አንዷ «የፈረንጅ ጂኒ ለክፎታል» አለች።
እኔ ስሙ ላይ ቀይ አሰመርኩ፤ እስክርቢቶዬ መሐል ላይ ነጠፈች።

ነሐሴ አጋማሽ። ጦሳ በጭጋግ ጠፍቶ፣ እንደሌለ፣
የይማም እናት፣ ወይዘሮ ሰዓዳ፣ አረፉ ተባለ።
ጥሩንባ አልተነፋም። ማን ይንፋ? በየትኛው ደንብ?
አንቀጽ ዘጠኝ ግልጽ ነው፤ ማን ጮኾ ያንብብ?
ከመቃብሩ ዳር አየሁት። ዶማ፣ አካፋ፣ አንድ የወንድም ልጅ፣
ጭቃው እግሩን ይዞታል፣ እንደሚለምን እጅ።
ይቆፍራል፤ ውኃ ይሞላል። ይቆፍራል።
አንድ ሰው ስንት ክንድ አፈር ብቻውን ያወጣል?

መጀመሪያ የደረሱት ጋሽ አራጋው፣ ከነከዘራቸው።
«ቅሬውን ወክዬ አይደለም» አሉ፤ አካፋ ያዘ እጃቸው፤
«ስሜ አራጋው ነው። ልብ በል፤ በግሌ ነው የመጣሁ።»
ከኋላቸው ዳቦ ጋጋሪው፤ «እኔም በግሌ። ሙሄ እባላለሁ።»
ያቺ ጂኒ ያለችው ሴት ሁለት ባልዲ ልካለች።
እያንዳንዱ ስሙን እየነገረ ወረደ፣ ተማሪ በሰልፍ ሲጠራ፣
ሠላሳ ሰባት «እኔ»፣ አንድ ጉድጓድ በጋራ።
ይማም ቀና አላለም። ትከሻው ብቻ ተንቀጠቀጠ፤
ዝናብ ይሁን ሌላ፣ ጭጋጉ አልገለጠ።

አምስት ሰው አልመጣም። አልጻፍኳቸውም፤ መብታቸው ነው።
(አንደኛው ወንድሜ ነው። እጠይቀው ይሆናል፤ ወይም እተወው።)

መጽሐፉን ኋላ አዋሰኝ፤ በእርሳስ ያሰመረበት አንድ መስመር አስቆመኝ፣
ትርጉሙን ብጠይቀው «ገና አልገባኝም» አለኝ።

ማታ መዝገቡን ገልጬ የራሴን ተራ ፈለግሁ።
ቁጥር ሰባት። ቀይ የለበትም። አምፖሉ ሥር ስቆጥር አመሸሁ።
ሃያ ሁለት ዓመት፣ በራሴ እጅ፣ «ተገኝቷል» ይላል ሁሉም፤
ማን እንደተገኘ ግን
የትም አልጻፍኩም።