ልሳነ ምድር

የጂኦግራፊው መምህር ጣናን በጠመኔ በሰሌዳው ስለው፣
ከደቡቡ ዳር ላይ ጣት የምታህል ነገር ወደ ውስጥ ቀጥለው፣
«ልሳነ ምድር» አሉ፤ «ሦስት ጎኗ ውሃ፣ አንድ ጎኗ አፈር።»
እጄን አወጣሁኝ፤
«ምላስ ከሆነችስ ምን ትላለች መምህር?»
ክፍሉ በሳቅ ፈርሶ፣ እሳቸውም ስቀው፣ ጠመኔው ረገፈ፤
ጥያቄዬም አብሮ፣ ከአቧራው ጋር በርሮ፣ በመስኮት አለፈ።

ታንኳ ቀዛፊዎች ልሳን አይሏትም፤
ለነሱ «ጫፏ» ናት፣ ሌላ ስም የላትም።
«ጫፏን ስታልፍ ንቃ፣ ነፋሱን ጠርጥረው፤
ጉማሬ ወልዳለች፣ ግልገሏን አትድፈረው።»

ድንጋይዋ ጥቁር ነው፣ ቀዳዳው የበዛ፣
ንብ ጥሎት የሄደ የማር እንጀራ።
አንድ ቀን፣
(ሰው ሳይኖር፣ ቀን የሚል ስም ሳይኖር)
ምድር አፏን ከፍታ ቀለጠች፤
የቀለጠው ወርዶ ሸለቆውን በደረቱ ዘጋ፤
ወንዙ መሄጃ አጣ። ቆመ። ተኛ። ሰፋ።
እሳት ውሃን ወለደ።
እኛ ግን እስከ ዛሬ፣ የተጣሉ ጎረቤቶች ስናይ፣
«እሳትና ውሃ» እንላለን።

መነኮሳት መጡ በደንገል ታንኳ፤
በሬ አይጠመድባት፣ ምሳር አይንካት ሲሉ ገዘቱ፤
ዛፎቿ በቃል ታጠሩ።
ከነሱ በፊት ግን የእንድሪስ አባቶች ነበሩ፣
ጉማሬ በጦር የወጉ፣ ደንገል እንደ ሹሩባ የጎነጎኑ፤
ታሪክ ሲጻፍ ጊዜ ብራና አልበቃቸውም፣
ከውሃው በስተቀር በስም የጠራቸው አንድም አልነበረም።
ጣሊያንም መጣና፣ ከጥቁሩ ድንጋይ ቀለበት ቀብሮ፣ ጀልባውን አሰረ፤
አምስት ዓመት ሞላው። ጀልባው ሄደ፤ ቀለበቱ ቀረ።
ዛሬ የቢያድግልኝ በግ ታስሮበት ይውላል።

ቢያድግልኝ ልክ አንባቢ ነው።
ውሃው ዳር የቆመ፣ ቁጥር የተቀባ ብረት አለ።
ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ሱሪውን ሰብስቦ ይገባል፣
ደጀ ሰላም እንደሚሳለም ጎንበስ ብሎ ያያል፣
በእርሳስ ይጽፋል።
ሠላሳ አንድ ዓመት።
ጨረጨራ ላይ በር ሲዘጋ ሲከፈት፣
ከራዲዮኑ ቀድሞ እግሩ ያውቅለታል።

በዘጠና አምስት ሐይቁ ሸሸ፤
የምላሷ ሥር ታየ፦
ጭቃ፣ የመረብ ድንጋይ፣ የአንድ እግር ኮንጎ ጫማ፣
ደግሞ የወፍጮ መጅ፣ መሃሉ የጎደጎደ።
እንድሪስ መጁን አነሳ፣ በሸሚዙ ጠረገው፣
«የአያቴ ደጅ እዚህ ድረስ ነበር» አለ።
ማንም መልስ አልሰጠው።
ክረምት ሲገባ ውሃው ደጁን መልሶ ወሰደው፤
መጁ ግን እንድሪስ ቤት ነው።

አሁን ደግሞ እምቦጭ፣
ነፋስ ገፍቶ ያመጣው፤
አበባው ያምራልና፣ ሙሽሮች ከከተማ መጥተው ፎቶ ይነሱበታል፤
ከሥሩ ቀረሶው ትንፋሽ ያጥረዋል።
«ምላሷ ሻገተ» ትላለች ዘምዘም፣
አምባዛ እየበለተች፣ ቀና ሳትል።

ባለፈው ጥቅምት የቢያድግልኝ ዐይን ደከመ።
ደብተሮቹን በማዳበሪያ ጠቅልሎ ሰጠኝ።
ገለጥኩ፤ ቁጥር፣ ቁጥር፣ ቁጥር፤
አንድ መስመር ብቻ ባዶ፤
ነሐሴ አሥራ ሁለት፣ ሰማንያ ዘጠኝ።
«ታመህ ነበር?» አልኩት።
በጉን ከቀለበቱ ፈታ።
ገመዱን በክንዱ ጠቀለለ፣ ፈታው፣ እንደገና ጠቀለለ።
«ያን ቀን» አለ፣ «ውሃው ልክ አልነበረም።»
ሚስቱ በሩ ላይ ቆማ ነበር፤
ወደ ውስጥ ገባች።

ዛሬ ጠዋት እኔ ነኝ ውሃው ውስጥ፤ ጉልበቴን ይበርደኛል።
ከማዶ የባሕር ዳር መብራት አንድ በአንድ ይጠፋል።
ማዕበሉ ጫፏን ይመታል፣ ይመለሳል፣ ይመታል፤
የመጀመሪያ ፊደሉ ብቻ የወጣ ቃል ይመስላል።
ጠበቅኩ።
አንድ ይብራ ተነሳ፣ ከብዶት፣ ውሃውን እየቧጠጠ።
እርሳሴን ምላሴ ላይ አረጠብኩና
ቁጥሩን ጻፍኩ።