ላልቶ፣ ጠብቆ

ሳልሚያ፣ ስምንተኛ ፎቅ። የእራቱ ሳህን ታጥቦ ሲያልቅ
ዳና ወጥ ቤት ትመጣለች፣ ካርድ ታቅፋ፣ ልትጠየቅ።
ሐሙስ ውድድር አላት፤
እንግሊዞቹ ራሳቸው የረሷቸውን ቃላት
ፊደል በፊደል ልትቆጥር ከመቶ ልጅ ፊት ትቆማለች።
ዳና በእነሱ አፍ ዕንቁ ነው፣ ትንፋሹን ውጦ ጠላቂ ከባሕር ሥር የሚያወጣው፤
በእኔ አፍ ግን ያለፈ እግር አፈር ላይ ጥሎት የሄደው።
አልነገርኳትም።

«ታይሲስ» አለች።
ካርዱን አየሁ፤ ፒ፣ ኤች፣ ቲ፣ ኤች፣ በር ላይ ተሰልፈዋል፤
አራት ሆነው ቆመው ሳለ አንዱ ብቻ ይናገራል።
«የቀሩትስ?»
«ይጻፋሉ እንጂ፣ ሚና፣ አይነበቡም።»
እኔም ፓስፖርቴ ላይ ምንታምር ነኝ፤
እዚህ ቤት ሚና ተብዬ እነበባለሁ፣
የተረፈው ስሜ ከማዳም ወርቅ ጋር መሳቢያ ውስጥ ተቆልፎ ይውላል።
የቃሉ ፍቺ፦ ሰው የሚያመነምን የሳንባ ሳል።
አጎቴ ሰይድ ይህን ቃል ከሚሴ ላይ ሁለት ክረምት ሳለው፤
አንድም ፊደል አልዋጠም።

«ሲቱሪዝም»፤ እሱም ፊቱ ላይ ዝም ያለ ፒ ለጥፏል፤
ነፋስ በቅጠል መሃል ሲያልፍ የሚያሰማው ድምፅ ይባላል።
ሁለታችንም ወደ መስኮቱ ዞርን።
ኤሲው ያጉረመርማል። ታች አንድ ተምር፣ አቧራ ለብሶ፣ ከመኪና ማቆሚያው ዳር።
«በእናንተስ ምን ይባላል?»
ሽው ልል ነበር፤ እሱ የነፋሱ ብቻ ነው። ኮሽ ልል ነበር፤ እሱ የሌባ።
«የደረቀ ማሽላ ውስጥ ስትሄጂ
ሰው የተከተለሽ ይመስልሽና ዞር ትያለሽ፤ ማንም የለም።
እሱ ነው» አልኳት።

«አፕሪሲቲ»፣ የብርድ ቀን የፀሐይ ሙቀት።
ይኸኛው ሙሉው ይነበባል።
እኛ ለሱ ቃል የለንም፤ ግድግዳ ነው ያለን፣
ጥር ላይ ጀርባ የምንሰጠው።

«ፊደላችሁ ውስጥስ ዝም የሚል አለ?»
«የለም!» አልኩ፣ በኩራት።
ማታ ግን፣ ከልብስ ማጠቢያው ጎን ካለችው አልጋዬ ላይ፣
መምህር ይመር መጡብኝ፣ ሰሌዳውን በቀርከሃ እየመቱ፦
«አላልተሽ! አሁን አጥብቀሽ! ፊደሉ አይነግርሽም፣ ልጄ፣ ከዐረፍተ ነገሩ ስሚው!»
እነሱ የማይሉትን ይጽፋሉ፤
እኛ የምንለውን አንጽፍም።

ሐሙስ በሦስተኛው ዙር ወደቀች፣ አንድ ዝምተኛ ፊደል ረስታ።
ወጥ ቤት መጣች፣ ዓይኗ አብጦ፣ ባዶ ካርድ ይዛ፤
«በናንተ ጻፊልኝ።»
«ትሰማለች» ብዬ ጻፍኩ።
ላልቶ ሲነበብ፣ አልኳት፣ ጆሮ አላት፤ በሩ ተዘግቶ የሚባለውን ሳይቀር።
ጠብቆ ሲነበብ፣ ድምፅ አላት፤ ሌላው ጆሮውን ይሰጣታል።
«ሲጻፍ በምን ይለያል?»
«አይለይም።»
ዳና እርሳሷን አነሳች፤
ዓረብኛ ፊደል ሲጠብቅ አናቱ ላይ የምትቀመጠውን
ባለ ሦስት ጥርስ ሸዳ
ሰ ላይ አንድ፣ ማ ላይ አንድ አኖረች፤
ከዚያም ጮክ ብላ አነበበችው።
ሳሎን ውስጥ የቴሌቪዥኑ ድምፅ ተቀነሰ።