የጉሮሮ ቀለም

ከጀልባ መሳፈሪያው፣ ከዋርካው ሥር ካብ ላይ፣
እሱ ቀድሞኝ ይወጣል፣ ገና ሳትሞቅ ፀሐይ።
ደብዛዛ ነው መጀመሪያ፣ አመድ የነካው ድንጋይ፣
ሆዱን ለጥፎ ይጠብቃል፣ ሙቀት እስኪወርድለት ከላይ።
ከዚያ ቀስ እያለ፣ ራሱ ይበስላል፣
ጉሮሮው የብርቱካን ፍም ይመስላል፣
ትከሻው ላይ የጣና ማለዳ ይፈስሳል።

እንሽላሊት ነው፤ እንግዲህ ምን ትሉኛላችሁ?
እኔም ሥራ ፈት ነኝ፣ ነገሬን ላውጋችሁ።

ሃያ ሁለት ዓመት በዚህ ወደብ ጮኬያለሁ፣
"ዘጌ! ዘጌ! አንድ ሰው የቀረው!" ብያለሁ፤
አሥር ሰው ቢቀረንም "አንድ ሰው" እላለሁ።
ድምፅሽ ደብረ ማርያም ይሰማል ይሉኝ ነበር፣
ጉማሬ ይቀሰቅሳል፣ ከደንገሉ ሥር።

በኋላ እንቅርቱ መጣ። መጀመሪያ እንደ ሎሚ፣
ከዚያ እንደ ትርንጎ፤ እኔ ተናጋሪዋ ሆንኩ ሰሚ።
ሐኪሙ ቆርጦ ጣለው፣ ድምፄም አብሮ ሄደ፤
የቀረኝ ሹክሹክታ ነው፣ ጫፉ የተቀደደ።
በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ! ቦታዬን ያ ቢምረው፣
ሜጋፎን ይዞ መጣና በአንድ ቀን ወረሰው።
ብርቱካንማ ሻርፕ ገዛሁ፣ ከቅዳሜ ገበያ፣
ጠባሳዬን ቀበርኩበት፣ እንዳልሆን መሳቂያ።
ሁለት ክረምት እንዲህ፣
ካቡ ላይ ቁጭ ብዬ፣ የሰው ጀልባ ስቆጥር፣
ዓሣ አራጁን፣ ይብራውን፣ ሞተሩን፣ የሌላውን ግርግር።

ያን ቀን ረፋድ ላይ፣ ከካቡ ወዲያ ማዶ፣
ሌላ ወንድ መጣ፣ ከዋርካው ላይ ወርዶ።
"ይሄኔ ይናከሳሉ" ብዬ ነበር እኔ፣
ለአንድ ተሳፋሪ ቡጢ ሲቃመስ ነዋ ያየ ዓይኔ።

እነሱ ግን ቆሙ።
የኔው የፊት እግሮቹን ቀጥ አደረገና፣
ከፍ፣ ዝቅ፣ ከፍ፣ ዝቅ አለ፣ አንገቱን ወጠረና፣
ያን ፍም ገለጠው።
ሌላው አየ። ሌላውም የራሱን ዘረጋ፤
ቢጫ ነው፣ ገርጣ ያለ፣ በደንብ ያልነጋ።

ምን ተባባሉ? እንጃ። ቃል አልነበረውም፤
ግን ሁሉም ተነግሯል፣ የቀረ የለውም።
"ይህ ድንጋይ የኔ ነው፣ ይህ ሙቀት፣ ይህ ትንኝ፤
ያቺም ነጠብጣቧ፣ ከጥግ የምታየኝ፤
መምጣቱን ና፤ ግን መጀመሪያ ቀለሜን እየኝ።"

ቢጫው ደበዘዘ። ራሱን ሰበረ፣
አመዱን ለብሶ ወደ ዋርካው በረረ።
ጥርስ አልተነካካም። አቧራ እንኳ አልተነሳ።
እስስት በቀለሟ ትሸሸጋለች አሉ፤
የኔው ግን ቀለም ሲያወጣ፣ ያው ነው ቃሉ።

እጄ ወደ አንገቴ ሄደ፣ ሳላዝዘው፤
ሁለት ክረምት ያላየውን ጠባሳ ነፋስ ዳበሰው።
የቢምረው ሜጋፎን ያንቋርራል፣ ባትሪው ደክሞ፤
ሰዉ ከባጃጅ ወርዶ፣ ግራ ገብቶት ቆሞ።
ካቡ ላይ ወጣሁ እኔ፣ በስልሳ ዓመት ጉልበት፣
ሻርፑን ከፍ፣ ዝቅ፣ ከፍ፣ ሦስት ጊዜ ወዘወዝኩት።
አንዲት ልጅ ያዘለች ሴት አየችኝ። መጣች።
ሽንኩርት የጫነች ነጋዴ፣ እሷም ተከተለች።
ሁለት ተማሪዎች። አንድ ቄስ፣ ጃንጥላቸውን አጥፈው።
"ዘጌ ነው?" አሉኝ። ራሴን ነቀነቅኩ፤
ጠባሳዬን አዩት፤ እኔም አልደበቅኩ።

ቢምረው ከጀልባው ጫፍ አየኝ፣ ረዥም፤
ሜጋፎኑን ከአፉ አወረደ፤ አልተናገረም።
ሲመሽ ብር ቆጠረልኝና፣
"የጠዋቱን አንቺ ያዢው፣ አትጠገብ" አለኝ፤
ስሜን ጠርቶኝ አያውቅም፤ ያኔ ነው ትዝ ያለኝ።

ወደ ካቡ ዞርኩ፣ ለሱ ልነግረው ብዬ።
የለም። ደመና መጥቷል፣
አመድ ሆኖ ከድንጋዩ ገብቷል፤
ጅራቱ ብቻ ከስንጥቁ ጫፍ ቀርቷል።