የጥላ ልክ

ሰኞ፣ ባቲ ገበያ፣ ግመል ተራው ዳር፣
ሰሚራ ካሜራዋን አቆመች በሦስት እግር።

ጨው ሻጩ ሙሄ ፊቱን በጋቢው ሸፈነ፤
«መልኬን አልሰጥም» ብሎ ጨከነ።
ቆይቶ ሳቀ፦ «ጥላዬን ግን ውሰጂው፣
አላፊ አግዳሚ የሚረግጠው ነው።»

ጆንያ ዘረጋች፣ ከሰል አነሳች፤
ትከሻው ጋ ስትደርስ ጥላው ሸሸ፣ እንደገና ጀመረች፤
እስከ ቀትር ድረስ በዚያች ጆንያ ላይ
ሰባት ሙሄ ተነባበረ፣ ፊቱ የማይታይ።

ከዚያ ጫማዋን አውልቃ ተጋደመችበት።
ዝም።
«አሟት ነው እንዴ? ውሃ አምጡላት!» አለች አንዲት እናት።

ማታ ኮምቦልቻ ገብታ ቀረፃውን ስትከፍት፣
ማን ገፍቶት እንደሁ እንጃ፣ ካሜራው አቀርቅሮ ኖሯል ወደ መሬት፤
የግመል ኮቴ፣ አቧራ፣ የተቀደደ ኮንጎ ጫማ፣
«ውሃ!» የሚል ድምፅ ከሩቅ የሚሰማ፣
አንድ እጅ፣ ጨው ሲመዝን።

አንድም ፊት የለም።
አላጠፋችውም።