አራተኛ ተጠሪ

«የሚያሰጋሽን ሰው ስሙን ከነአባቱ፣
ንገሪኝ አንድ በአንድ፤ የት ነው መንደር ቤቱ?»
አለችኝ ጠበቃዋ፣ ብዕሯን አንስታ፣
ሻዩዋን ሳትጨርስ፣ ወረቀት ዘርግታ።
ከቻንዲጋር ችሎት ደጅ፣ ከቆርቆሮው ጥላ፣
የጽሕፈት መኪናው ይንጣጣል፣ እሳት እንደነካው ባቄላ።

ታላቁን አጎቴን አልኳት፤ ጻፈች።
ልጁን አልኳት፤ ጻፈች።
አባቴን…
ቀና ብላ አየችኝ፤ እሱንም ጻፈች።
«ሌላስ?» አለች።

ሌላስ።
ጃግዲሽ ከጎኔ ቆሟል፣ የእጅጌውን ክር በጥፍሩ ይመዛል።
የሸንጎው ሽማግሌዎች፣ «እሱ ወንድምሽ ነው» ብለውኝ፣
«ጎሳችሁ አንድ ነው፣ ነውር ነው» ብለውኝ፣
እናቴ ያልወለደችውን ወንድም ሊያደርጉልኝ፣
የወለደችውን ሽጉጥ አስያዙብኝ።

«ሶምቢር» አልኳት።
ድምፁ ከአፌ ወጣ እንጂ የእኔ አልመሰለኝም።
«አራተኛ ተጠሪ» ብላ ጻፈች፤ ደግማ አልጠየቀችኝም።

ተጠሪ!
ከሰገነት ሆኜ ስጠራው «መጣሁ!» የሚለኝ፣
አፉን በሸንኮራ ሞልቶ፣ ከማሳው የሚደርስልኝ።
ስሙን መጻፍ እንኳ እኔ ነኝ ያስተማርኩት፣
በከሰል፣ በጓሮው ግንብ ላይ፣ ጣቱን በጣቴ ይዤ የመራሁት።
ፊደላችን ከላይ ካለ መስመር፣ እንደ ልብስ ከገመድ ይንጠለጠላል፤
እሱ ሁልጊዜ መስመሩን ይረሳል።
«ያለ ገመድ ልታሰጣ ነው? ይወድቅብሃል!»
እለዋለሁ፤ ይስቃል።

ጠበቃዋ ከስሙ መሐል አንድ ፊደል ገድፋለች።
አየሁት፤ ብዕሯን ተቀብዬ አረምኩት።
ፖሊስ ሌላ ሶምቢር እንዳይዝ ብዬ ነው።
መስመሩንም ከላይ አሰመርኩለት።

ችሎቱ ሁለት ደቂቃ አልሞላም።
«ዕድሜ?» ሃያ ሁለት። «በፈቃድሽ?» በፈቃዴ።
ይህን ለማለት ግን ስንት ሌሊት ደርቋል ሆዴ!
«ፖሊስ ስጋቱን ይመርምር፣ ጥበቃ ይስጥ» አሉ ዳኛው፤
መነጽራቸውን ሳያወልቁ ተጠራ ቀጣዩ ጉዳይ፣ የሌላው፣
የመሬት ድንበር የገፋው።

በሦስተኛው ሌሊት ሶምቢር ደወለ።
«ሱሼላ፣ እናታችን ታማለች፣ ስምሽን እየጠራች ነው፤
ነይ፣ ማንም አይነካሽም፤ መሐላዬ ይኸው።»
ጫማዬን ፈለግሁ። እውነቴን ነው፣ ጫማዬን ፈለግሁ።
አንዱን አጥልቄ፣ ሌላውን በእጄ እንደያዝኩ፣
ጎህ ሳይቀድ ሌላ ጥሪ፣ የማላውቀው ቁጥር፣
ከጎረቤት የተዋሱት ስልክ፣ ከበረት ጥግ የሚወጣ ምስጢር፦
«አልታመምኩም። አትምጪ።»
ይህን ብቻ። ዘጋችው እናቴ።
አንዱ ጫማ እግሬ ላይ፣ ሌላው ከደረቴ።

አሁን ከፖሊስ ሰፈሩ ጀርባ አንዲት ክፍል ሰጥተውናል።
በሩ ላይ ዳያናንድ የሚባል ዘብ፣ ለጡረታ ስድስት ወር የቀረው፣
ጠመንጃውን ከወንበሩ አስደግፎ የሚያንጎላጅ ሰው።
ከነሐሴ ዝናብ ጋር በዓሉ መጣ፣
እህት በወንድሟ አንጓ ክር የምታስርበት፣
እሱም «እጠብቅሻለሁ» ብሎ የሚምልበት።
አሥራ አራት ዓመት አስሬለታለሁ፤
አንዱን ዓመት ክር አጥተን፣ ከነጠላዬ ጠርዝ መዝዤለታለሁ።
ዘንድሮ ጥበቃዬ በማኅተም ነው፣
በየሰባት ቀኑ የሚታደስ፣ ፊርማ የሚጠብቅ ነው።

ለዳያናንድ ቂጣና የማንጎ ኮምጣጣ አወጣሁለት።
እጁን ሲዘረጋ፣ ቀይ ክር አየሁ አንጓው ላይ፣ አዲስ፣ ገና ያልደበዘዘ።
«እህት አለህ?» አልኩት።
«ሁለት» አለኝ።
ቂጣውን ቆረሰ። አላመጠ። ዝናቡን አየ።
«ሁለት ነበሩ።»

ጃግዲሽ ከውስጥ መብራቱን አጠፋ።
እኔ ከደጃፉ ቆሜ ቀረሁ፣ የሽማግሌውን ጀርባ እያየሁ፣
ጠመንጃው ወዴት እንደዞረ፣ በጨለማው እየለየሁ።