ምንም ያልጎደለበት

ዱኒደን ሌሊት ነው፤ ዝናብ ቆርቆሮውን እንደ ገብስ ይቆላል፤
ፈርገስ ከፋብሪካ ገብቶ፣ የዓሣ ሽታ በያዘ እጁ ሽቦ ይሰካካል።
የእህቱ ልጅ ካሁ ዲስኩን አምጥታ፣ የራሷን ማዳመጫ ጭምር፣
«አምስቱም አልበም አለ፤ ያልተጨመቀ ነው» ብላው ሄደች፤ «በል ጀምር።»

እሱ «ጨው ቤት»ን የሚያውቀው ካሴት ከካሴት ሲገለበጥ፣
ኋላም በስልክ ሲጨማደድ፤ ሥጋው አልቆ አጥንቱ ሲጋጥ።

በበግ ሸላቾች ጎጆ፣ በሦስት ቀን፣ በተውሶ ማይክ የተቀዳው፤
ሙሬይ «አንድ፣ ሁለት» ሊል ሲል፣ የሳበው ትንፋሽ ተሰማው፤
የከበሮው በርጩማ ሲያቃስት፤ ከውጭ ደግሞ አንዲት በግ
ከቅኝቱ ወጥታ ስትጮኽ፣ ያለ ምት፣ ያለ ሕግ።
ሳቀ ለብቻው። ሠላሳ አራት ዓመት የት ተደብቃ ኖረች?
በዚያ ሁሉ ካሴት ውስጥ፣ ያቺ በግ ለካ አልታረደች።

ሁለተኛው፦ ጊታሩ ዝም ካለ በኋላ፣ ድምፁ ግድግዳ ነክቶ፣
ክፍሉን ዞሮ፣ ጣሪያ ዳስሶ፣ በሩ ሥር ሲያልቅ ደክሞ ተኝቶ።

ሦስተኛው ላይ ጣቱ ቆመ።
ሙሉውን ሰምቶት አያውቅም።
(አንድ ጊዜ ሱፐርማርኬት ውስጥ፣ ድንች ሲመርጥ፣ ከጣሪያው ወረደበት፤
ድንቹን እዚያው ትቶ ወጣ፤ ዝናብ ነበር፣ ጃንጥላውን ረሳበት።)
«ቤዝህን አጥፍተነዋል» አለው ሙሬይ፣ በደብዳቤ፣ ፊቱን ላለማየት፤
«ዴንዚል ከአዲስ ተጫውቶታል።» ሽፋኑም ላይ ያለው የዴንዚል ስም ነው፣ በጉልህ ፊደላት።

አራተኛው ዘፈን ላይ፣ ሁሉም መሣሪያ ዝቅ ሲል፣
ቀጭ አለ አንድ ነገር፣ ጥፍር ጠረጴዛ የነካ ይመስል።
መለሰው። ቀጭ።
ደግሞ መለሰው። ቀጭ።
ቀለበት ነው፤ የግራ እጅ፣ የቤዝ አንገት ላይ ሲንሸራተት የሚጋጭ።
ዴንዚል ቀለበት አድርጎ አያውቅም።
የፈርገስ ያኔ ጣቱ ላይ ነበረ፤ ዛሬ ማን ጋ እንዳለ አይጠይቅም።

ለሙሬይ ሊደውል ስልኩን አነሳ። ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት። አስቀመጠው።
ዋሽቶለት ይሁን ዋሽቶበት፣ ማሰብ ጀምሮ ተወው።

ዝናቡ አባርቷል።
አራተኛውን አልበም ከፈተ። እውነተኛው ዴንዚል እዚህ ላይ ይጫወታል።
ዐይኑን ጨፍኖ እስከ መጨረሻው ሰማ፤ አንዲት ኖታ ሳታልፈው፤
ጎበዝ ነበር ለካ ልጁ፤ ይህን ያህል ዘመን ጠልቶት፣ አንድም ቀን ሳይሰማው።