እስኪቆም

ከዓሣ ገበያው ኋላ፣ በታልካዋኖ ወደብ፣
ሱቄ ጠባብ ናት፤ ሁለት ሰው ከገባ ሦስተኛው አይታሰብ።
ማክሰኞ ሲመሽ መጣ፣ ናዌል የሚባል ልጅ፣
በአባቱ የባሕር ካፖርት፣ በቢጫው፣ ጠቅልሎ የያዘው በሁለት እጅ።
«ምን ሞተ?» አልኩት። «አልሞተም፤ ዲስኬን ዋጠብኝ፤
አዝራሩን ሃያ ጊዜ ብጫን፣ አጉረመረመብኝ።»
«ሃያ?» «ሃያ አንድ» አለ፣ እውነቱን ሳይሸሽግ።
«በቢላስ ሞከርክ?» ዝም። ዓይኑ ወለሉ ላይ ጥግ ሲፈልግ።

አይዞህ አልኩት፣ ሁሉም ሰው በቢላ ይጀምራል፤
እኔም የባሌን ቴፕ በማንኪያ ፈልቅቄያለሁ፤
ማንኪያው ዛሬም አለኝ፣ አንገቱ ተጣሟል።

ስማ። አዝራሩን አንዴ፣ አንዴ ብቻ ትነካለህ።
ከዚያ እጅህን ትሰበስባለህ።
ጆሮህን ትሰጣለህ፤ ውስጥ የሚዞር ነገር ድምፅ አለው፣
ከጉምጉምታ ወደ ሹክሹክታ፣ ከሹክሹክታ ወደ ምንም የሚወርደው።
ያ ምንም እስኪመጣ ማሽኑን አታንሳ፣ አታዘንብል፣ አትግፋ፤
ዲስክ ሲሮጥ ማሽን ካዘነበለ፣ ሌዘሩ ይነክሰዋል፤ ንክሻውም አይጠፋ።
ካልከፈተ ከሶኬት ንቀል። ንቀልና ሻይህን ጠጣ።
ቸኩሎ የፈለቀቀ ሰው፣ ግማሽ ዲስክ ነው የሚያወጣ።

ከደረሰኞቼ ላይ አግራፍ ነቅዬ፣ ቀጥ አድርጌ ዘረጋሁ፤
የጉንዳን ደጅ የምታክለውን ቀዳዳ፣ በጥፍሬ ዳስሼ ወጋሁ።
እምቢ። ደግሜ ገፋሁ፤ ውስጥ አንድ ጥርስ ላላ፣ ለቀቀ፤
መሳቢያው የጥፍር ያህል ብቅ አለ፤ ልጁ ትንፋሹን ውጦ ኖሮ፣ ሳቀ።
ጠርዙንና መሀል ቀዳዳውን ብቻ፣ እንደ ትኩስ ሰሃን ያዘው፤
የሚያብረቀርቀውን ፊቱን ጣት ከነካው፣ ላብ ነው የሚያደበዝዘው።

ያዘ። ወደ መብራቱ አነሳ። ያኔ ሁለታችንም አየን፦
አንድ ክብ ጭረት፣ ጥልቅ፣ በኮምፓስ የተሣለ የመሰለን።
«ማን ነቀነቀው?» አልኩ፣ ቆጣ ብዬ።
«እኔ አይደለሁም» አለ። «ሐሙስ ሌሊት ነው። መሬት ናት።»

ሐሙስ ሌሊት። አስታወስኩ። ብርጭቆዎቹ እርስ በርስ ሲያሙ፣
ውሾቹ ቀድመው ሲጮኹ፣ ጎረቤቶች በሌሊት ልብስ ደጅ ሲቆሙ፤
አባቱ ባሕር ላይ፣ እናቱ ፋብሪካ፣ ሰርዲን ስታሽግ ለሊት፣
እሱ ለብቻው ሲጫወት፣ ድልድዩ ጋ ሲደርስ፣ ቤቱ ሲያዘነብልበት።
«ታዲያ ምን አደረግክ?»
«አቀፍኩት። እንዳይወድቅ ብዬ።»
በሩ ሦስት እርምጃ ነበር፤ እሱ ማሽኑን አቀፈ።
ልቆጣው አፌን ከፈትኩ፤ ቁጣው ጉሮሮዬ ውስጥ ዞሮ፣ ዞሮ፣ አረፈ።

ስለዚህ ትምህርቱን እንደገና ጀመርኩ፣ ከላይ፦
መሬት ስትነሳ፣ አዝራር የለም፣ አግራፍ የለም፣ ዲስክ የለም ካንተ በላይ፤
አንተ ነህ ቀድመህ የምትወጣው፣ ወደ ኮረብታው፣ በእጅህ ምንም ሳትይዝ፤
ማሽን ይውደቅ፣ እኔ አለሁለት፤ ለልጅ ግን እዚህ መለዋወጫ አልይዝ።

ከመሀል ወደ ጠርዝ ጠረግሁት፣ በለስላሳ ጨርቅ፣ ሳላዞር፤
ብንመልሰው ሠራ፤ ድልድዩ ጋ ግን ተገተረ፤
ፈረሰኛው አንድ እግሩ አየር ላይ፣ ሳይሻገር።
«ጭረቱን ልፋቀው?» «ይተዉት፣ ዶኛ ኤደልሚራ፤ እስከ ድልድዩ ይበቃኛል፤
ወዲህ ያለውን መንደር በደንብ አላየሁትም፤
አንድ ፍየል አለ፣ የትም ብሄድ ይከተለኛል።»

ሂሳቡን በጋዜጣ በተጠቀለለ ዓሣ ከፈለኝ፤ ጅራት የለውም።
ዲስኩን ሊያወጣ አዝራሩን ነካ። አንዴ። አልደገመም።
ያኔ አምፖሉ መወዛወዝ ጀመረ፤
ብሎኖቼ ጣሳቸው ውስጥ አንሾካሾኩ።

ማሽኑን አየው። አየኝ።
ሁለቱንም እጆቹን ወደ ላይ አነሳ፣ ባዶ፣ እንደ ተማረከ፣
ቀድሞኝም በሩን ወጣ።

ካፊያው ላይ ቆምን። በመስኮቱ አምፖሉን እናያለን፣
ከሰፊ ወደ ጠባብ፣ ከጠባብ ወደ ጠባብ።
«ቆመ?» አለኝ።
«ገና» አልኩት። «ስማ።»